ያላየሁት ደሴት ለምን ይናፍቀኛል? የክረምት ጌሞች ትዝታን እንዴት እንደሚሠሩ

ባለፈው ክረምት ድሬዳዋ ነበርኩ፤ ከዚራ፣ እህቴ ቤት። ከምሳ በኋላ ነው። ሙቀቱ ሰፈሩን አስተኝቶታል። የእህቴ ልጅ በረንዳው ላይ ምንጣፍ ዘርግቶ፣ አሮጌ ላፕቶፕ ሆዱ ላይ አስደግፎ ጋደም ብሏል። አንድ ቁልፍ ይጫንና ያነባል። ይጫንና ያነባል። ሩጫ የለም፣ ተኩስ የለም፣ ኳስ የለም። ስክሪኑ ላይ አንዲት ልጅ ግንብ ላይ ተቀምጣ ባሕር ታያለች። ከላፕቶፑ የሚሰማው የነፍሳት ጩኸት ብቻ ነው።

እናቱ ከውስጥ ተጣራች።

"አንተ፣ ይሄ ደግሞ ምን ዓይነት ጌም ነው? ማንበብ ካማረህ መጽሐፍ አታነብም?"

"አንዴ እማዬ! ነሐሴ ሊያልቅ ነው።"

"የምን ነሐሴ? ገና ሐምሌ አሥር ነው።"

"አቦ እማዬ፣ ጌሙ ውስጥ ነው የምልሽ።"

ማታ ፊቱ ጠቁሮ አገኘሁት። ጌሙን ጨርሶታል። "ጋሼ፣ ሄጄ የማላውቀው ደሴት ለምን ይናፍቀኛል?" አለኝ። እዚያው በረንዳ ላይ ቁጭ ብለን ብዙ አወራን። ያወራነውን አፍታትቼ ልጻፈው፤ ክረምት በመጣ ቁጥር "ይሄ ምን ዓይነት ጌም ነው?" የሚል ወላጅ አይጠፋምና።

ለመሆኑ ይሄ ጌም ነው ወይስ መጽሐፍ?

ስሙ ቪዥዋል ኖቬል ይባላል። በሥዕል የሚነበብ ልቦለድ ብንለው ያስኬዳል። ስክሪኑን በሦስት ንጣፍ አስቡት። ከኋላ የቦታው ሥዕል አለ፦ መንገድ፣ ክፍል፣ የባሕር ዳርቻ። ከፊቱ የሚያናግራችሁ ሰው ቆሟል። አቋሙ ብዙም አይለወጥም፤ ፊቱ ግን ይስቃል፣ ያኮርፋል፣ ይደነግጣል። ከታች የጽሑፍ ሳጥን አለ። ስትጫኑ ቀጣዩ ዓረፍተ ነገር ይመጣል። ከሥር ሙዚቃ ይሄዳል፤ ብዙዎቹ ላይ ደግሞ ተዋንያን ንግግሩን በድምፃቸው ይጫወቱታል።

አያቶቻችን "ተረት ተረት" ሲሉ "የላም በረት" ካልተባለ አይቀጥሉም። አድማጩ መንቃቱን በዚያ ያውቃሉ። እዚህ ጌም ላይ ቁልፏን መጫን ማለት "የላም በረት" ማለት ነው። ታሪኩ በእናንተ ፍጥነት ይሄዳል። አንድ ዓረፍተ ነገር ላይ አምስት ደቂቃ ብትቆዩ ማንም አይቸኩላችሁም፤ ሙዚቃው ብቻ እየዞረ ይጠብቃችኋል።

የመጣው ከጃፓን ነው። (እዚህ ጽሑፍ ላይ ያሉት ዓመታትና የጃፓን ወራት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) በ1983 ዩጂ ሆሪኢ የሠራው ፖርቶፒያ የተባለ የግድያ ምርመራ ጌም ከቀደምቶቹ አንዱ ነው። በ1992 ቹንሶፍት የተባለ ኩባንያ በድምፅ የታጀበ ንባብ አወጣና "ሳውንድ ኖቬል" አለው። በ1996 ደግሞ ሊፍ የተባለ ኩባንያ ሥራዎቹን "ቪዥዋል ኖቬል" ብሎ ጠራቸው፤ ስሙም በዚያው ለመደ።

ምርጫ ሲሰጣችሁ ውስጥ ውስጡን ምን ይሆናል?

አልፎ አልፎ ጽሑፉ ይቆምና ይጠይቃችኋል። "ከሰዓት በኋላ ወዴት?" ወደቡ፣ ተራራው፣ ሱቁ። አንዱን ትመርጣላችሁ፤ ወዲያው ብዙም የተለወጠ ነገር አይታይም። ብዙ ጀማሪ "ታዲያ ምርጫው ምን ሠራ?" ብሎ ግራ የሚጋባው እዚህ ላይ ነው።

የሰፈር ባለሱቅን አስቡት። ዱቤ ስትወስዱ ምንም አይልም፤ ደብተሩን አውጥቶ መስመር ይጽፋል። ዛሬ ሳሙና፣ ነገ ስኳር። ሒሳቡ የሚመጣው ወር ሲሞላ ነው። ኮምፒውተሩም እንዲሁ ነው። ወደብ ስትሄዱ እዚያ በምታገኟት ልጅ ስም ሥር አንድ ምልክት ይጽፋል። ባለሙያዎቹ ይህን ምልክት "ፍላግ" ይሉታል። ታሪኩ አንድ ቦታ ላይ ሲደርስ ደብተሩ ይገለጥና ምልክቶቹ ይደመራሉ። ከማን ጋር ብዙ ጊዜ እንዳሳለፋችሁ ይታይና ታሪኩ ወደዚያ ሰው ይታጠፋል። ይሄ መታጠፊያ "ሩት" ይባላል።

አንዱ ሩት ሲያልቅ ጌሙ አያልቅም። እንደገና ከመጀመሪያው ቀን ትነሣላችሁ፤ ያነበባችሁትን እያለፋችሁ በሌላ በኩል ትታጠፋላችሁ። ለእህቴ ያስረዳኋት በቡና ነው። አቦል አለ፣ ቶና አለ፣ በረካ አለ። ጀበናው ያው ነው፤ ጣዕሙ ግን በየዙሩ ይለያል። አንዳንዶቹ ጌሞች ላይ የመጨረሻውና ዋናው ታሪክ የሚከፈተው ሌሎቹን ሁሉ ለጨረሰ ሰው ብቻ ነው። አቦልን ጠጥቶ የሄደ ሰው በረካ ላይ የተወራውን አይሰማም።

"ስላይስ ኦፍ ላይፍ" ምን ማለት ነው?

የእህቴ ልጅ ዓይነቱ ጌም የሚጠራበት የእንግሊዝኛ ስም ነው፤ ከኑሮ ላይ የተቆረሰ ቁራሽ እንደማለት ነው። ጃፓኖች "ኒቺጆ" ይላሉ፤ የዕለት ተዕለት ኑሮ ማለት ነው። ዓለምን የሚያድን ጀግና የለም። የሚሸነፍ ጠላት የለም። አውቶቡስ ያመልጣል። ሐብሐብ ይቆረሳል። ዝናብ ይመጣና ሁለት ሰዎች አንድ ታዛ ሥር ይጠለላሉ።

"ታዲያ ምኑ ደስ ይላል?" ተብዬ አውቃለሁ። እኔ እንዲህ ነው የማየው። ሰውን የምንወደው ሠርጉ ላይ አይደለም። ጠዋት ጠዋት ዳቦ ሲገዛ እያየነው፣ ያችኑ ቀልዱን መቶ ጊዜ እየሰማን ነው። እነዚህ ጌሞች የሚፈልጉት ያን ጊዜ ነው፤ ብዙዎቹ ተነበው ለማለቅ በአሥር የሚቆጠሩ ሰዓታት ይወስዳሉ። ከዚያ ውስጥ ትልቁ ድርሻ ምንም "አይሆንበትም"። መጨረሻ ላይ ልብ የሚሰበረው ግን በዚያ ምንም ባልሆነበት ጊዜ ምክንያት ነው። እሱን ዘሎ መጨረሻውን ብቻ ያነበበ ሰው "ይሄ ነው ያስለቀሳችሁ?" ይላል፤ እውነቱን ነው፣ እሱ አብሯቸው አልኖረም።

ሰመር ሲሉ "በጋ" ነው ወይስ "ክረምት"?

የእነዚህ ጌሞች ታሪክ ብዙ ጊዜ የሚሆነው በሰመር፣ እንግሊዝኛው እንዲህ በሚለው ሞቃት ወቅት ነው። እዚህ ላይ አንድ የትርጉም እንቅፋት አለ። ብዙ ሰው ሰመርን "በጋ" ብሎ ይተረጉመዋል። ፀሐዩን ካየን ልክ ይመስላል። የእኛ በጋ ግን ትምህርት ቤት ያለበት፣ ፈተና ያለበት ጊዜ ነው። ልጅ ቤት የሚውለው፣ ዘመድ ዘንድ የሚላከው፣ ሰፈር ውስጥ እስኪጨልም የሚጫወተው ክረምት ላይ ነው። ስለዚህ የአየሩን ነገር ትተን የልጅነቱን ነገር ካየን እነዚህ ጌሞች የክረምት ጌሞች ናቸው። እኔም እንደዚያ እጠራቸዋለሁ።

ልዩነቱን ግን ማወቅ ይጠቅማል። ጃፓን ውስጥ በአብዛኛው አካባቢ ዝናቡ ከሰኔ እስከ ሐምሌ አጋማሽ ድረስ ይወርድና ይቆማል። ከዚያ ሰማዩ ይጠራል፣ ሙቀቱ ይመጣል፣ ትምህርት ቤት ይዘጋል። የእነሱ ዕረፍት ዝናቡ ሲያልቅ ይጀምራል፤ የእኛ ዝናቡ ሲጀምር። የጃፓን የትምህርት ዓመት የሚጀምረው ደግሞ በሚያዝያ ነው። ልጁ መሐል ላይ አርፎ፣ የቤት ሥራውን ተሸክሞ፣ ወደዚያው ክፍሉ ይመለሳል። የእኛ ልጅ ክፍሉን ዘግቶ ይወጣና በአዲስ ዓመት አዲስ ክፍል ይገባል።

የድሬ ልጅ ግን እዚህ ላይ ይጠቀማል። አዲስ አበባ ሐምሌ ላይ ጃኬት ይለበሳል። ድሬ ዝናብ ቢመጣም ሙቀቱ ከ30 ዲግሪ በላይ ነው። ቀትር ላይ ጥላ ፍለጋ፣ የበረደ ነገር ፍለጋ፣ ማታ ውጪ መቀመጥ፤ ይሄ ሁሉ ለእሱ አዲስ አይደለም። የእህቴ ልጅ ጌሙ ውስጥ ሰዎቹ "ሞቀ፣ ሞቀ" ሲሉ ማስረጃ አላስፈለገውም።

ለምን ሁልጊዜ የትምህርት ቤት ዕረፍት ይሆናል?

ምክንያቱም ዕረፍት ድንበር አለው። የሚጀምርበት ቀን ይታወቃል፤ የሚያልቅበትም ይታወቃል። ለጸሐፊ ከዚህ የተሻለ ሳጥን የለም። ፍቅሩም፣ ጓደኝነቱም፣ ጥሉም እዚያ ውስጥ መጀመርና ማለቅ አለበት።

ሁለተኛው ነገር ጉዞ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ ብዙ ጊዜ እንግዳ ነው። ኪ የተባለው ኩባንያ በ2000 ባወጣው "ኤር" ላይ አሻንጉሊት እያጫወተ የሚዞር ወጣት አንዲት የባሕር ጠረፍ ከተማ ይገባል። በ2018 ባወጣው "ሰመር ፖኬትስ" ደግሞ ሃይሪ የሚባል ልጅ በጀልባ ወደ አንዲት ትንሽ ደሴት ይሄዳል፤ የሞተችው አያቱ የተወችውን ዕቃ ለማስተካከል። (ይሄ ሥራ በ2025 ተከታታይ አኒሜ (የጃፓን ካርቱን ፊልም) ሆኖ ስለወጣ አሁን ስሙን የሚያነሳው በዝቷል።) እንግዳ ሲሆን ቦታውን ለእሱ የሚያስረዱት ለእኛም ያስረዱናል። ዳቦ ቤቱ የቱ ነው፣ ኮረብታው ላይ ያለው ቤተ መቅደስ የማን ነው፣ አውቶቡሱ በስንት ሰዓት ይመጣል።

ሃይሪ ጀልባው ላይ ቆሞ ደሴቷን ሲያይ እኔ የታየኝ ደንገጎ ነው። ልጅ ሆኜ ክረምት ሲገባ ሐረር፣ አያቴ ዘንድ እላክ ነበር። ሚኒባሱ ደንገጎን ጥምዝምዝ እያለ ሲወጣ፣ ከኋላ የድሬ ሙቀት እየቀረ፣ በመስኮት ቀዝቃዛ አየር ይገባል። ድሬ ከባሕር ጠለል በላይ 1,200 ሜትር ያህል ላይ ነች፣ ሐረር ከ1,800 በላይ። ያን ጊዜ ቁጥሩን አላውቅም፤ ክንዴ ላይ ፀጉሬ ሲቆም "ደረስን" እላለሁ። ከዚያ ሐረማያ፣ ከዚያ አወዳይ፣ ከዚያ የአያቴ በር። ጌሞቹ ላይ ጀልባው፣ ባቡሩ ወይም አውቶቡሱ የሚሠራው ይህን ነው። የሚለያይ መስመር ያሰምራል፦ ከዚህ ወዲያ ሌላ ሕግ ነው።

ሦስተኛው ለእኛ ቶሎ የማይታየን ነው። ጃፓን ውስጥ በአብዛኛው ቦታ ነሐሴ አጋማሽ ላይ ኦቦን የሚባል በዓል አለ። የሞቱ ዘመዶች መንፈስ ወደ ቤቱ ይመለሳል ተብሎ ይታመናል። መብራት ይበራላቸዋል፣ መቃብራቸው ይጸዳል፣ ከዚያ ይሸኛሉ። ቤተሰብ ከከተማ ወደ ትውልድ ቦታው የሚጎርፈውም ያኔ ነው። ስለዚህ ለጃፓን ተጫዋች ክረምት የሐብሐብና የርችት ብቻ ሳይሆን የሞቱ ሰዎችም ወቅት ነው። የሃይሪ ታሪክ በአያቱ ዕቃ የሚጀምረው እንዲያው አይደለም።

የዕረፍቱን ድንበር ከሁሉ በላይ በግልጽ ያሳየ ግን አንድ ጎረቤት ጌም ነው። ቪዥዋል ኖቬል አይደለም፤ ልጁን ራሳችሁ ታንቀሳቅሱታላችሁ። ስሙ "ቦኩ ኖ ናትሱያሱሚ" ነው፤ "የእኔ የክረምት ዕረፍት" ማለት ነው። ካዝ አያቤ የሠራው ሲሆን በ2000 ለፕሌይስቴሽን ወጣ። ጊዜው ነሐሴ 1975 ነው። የአንድ ትንሽ ልጅ እናት ልትወልድ ስለደረሰች ልጁ ገጠር አክስቱ ዘንድ ይላካል። ያሉት 31 ቀናት ናቸው። ጢንዚዛ ይይዛል፣ ዓሣ ያጠምዳል፣ ማታ ማታ የቀኑን ውሎ ሥዕል አድርጎ ደብተሩ ላይ ያስቀምጣል። የሚሸነፍበት ነገር የለም። ቀኑ ግን ይሄዳል።

ትዝታውን የሚሠሩት በምንድን ነው?

ይሄ ክፍል ለእኔ የጉዳዩ እምብርት ነው። ሰው "ሥዕሉ ስለሚያምር" ይላል። ያምራል፤ ግን ያ ብቻ ቢሆን ፖስት ካርድም ያስለቅስ ነበር።

መጀመሪያ ድግግሞሽ። የቦታ ሥዕል መሥራት ገንዘብ ይፈጃል። ስለዚህ አንድ ጌም ያሉት ቦታዎች የተቆጠሩ ናቸው። ያችኑ መንገድ ይስሏታል፣ ከዚያ ብርሃኗን ብቻ ይቀይራሉ፦ የቀን፣ የማታ ጀምበር፣ የሌሊት። ተጫዋቹ ያችን መንገድ ደጋግሞ ያያታል። አጥሯን፣ የዘመመውን የመብራት ምሰሶ፣ ጥግ ላይ ያለውን የለስላሳ መሸጫ ማሽን ያውቃቸዋል። ትዝታ የሚፈጠረው እንደዚህ ነው። የከዚራን መንገድ የድሬ ልጅ የሚወደው አንድ ቀን ስላየው አይደለም። ቀጥ ያለውን አስፋልት፣ ግራና ቀኝ ያሉትን ዛፎች፣ የጥላውን መውደቂያ በየቀኑ ስለረገጠው ነው። በጀት ሲያጥር የተፈጠረ ዘዴ የሰውን የማስታወስ መንገድ ቁርጥ መሰለ። ይሄ ሁሌም ይደንቀኛል።

ከዚያ ድምፅ። ቀደም ሲል የጠቀስኩት የነፍሳት ጩኸት የሴሚ ነው። ሴሚ ዛፍ ላይ ተለጥፎ የሚጮህ ክንፋም ነፍሳት ነው። እጩ ለዓመታት አፈር ሥር ይኖርና ወጥቶ ክንፍ ሲያወጣ ዕድሜው የሳምንታት ነው። ጃፓኖች የክረምትን አጭርነት በእሱ ይመስሉታል። ዝርያዎቹ ደግሞ ሰዓት አላቸው። ቀትር ላይ የሚጮኸው ሌላ ነው። ሲመሽ የሚሰማው ሂጉራሺ የሚባለው ነው፤ ድምፁ ቀጠን ያለና የሚያሳዝን ነው። ዕረፍቱ ሊያልቅ ሲል የሚበረታ ሌላም አለ። ስለዚህ ጃፓናዊ ተጫዋች ዓይኑን ጨፍኖ ሰዓቱንም ወሩንም ያውቃል። የእኛ ሰው በአዛኑ፣ በቅዳሴው ደወል፣ በባጃጁ መብዛትና መሳሳት የድሬን ሰዓት እንደሚያውቀው ማለት ነው። ሐረር ከሆነ ደግሞ የጅቡ ድምፅ አለ። አያቴ ቤት ጅብ ከሩቅ ሲጮህ "በሉ ግቡ" ማለት ነበር፤ ሰዓት ማየት አያስፈልግም።

ብርሃኑን በአጭሩ ልለፈው። ብዙ ትልልቅ ንግግሮች የሚመጡት ጀምበር ስትጠልቅ ነው፣ ስክሪኑ ብርቱካንማ ሲሆን። ተጫዋቹ ቀለሙን ገና ሲያይ ልቡ ይዘጋጃል።

ሙዚቃው ላይ ግን ልቆይ። ብዙ የጃፓን የልጆች መዝሙርና የቆየ ዘፈን "ዮናኑኪ" በሚባል ቅኝት የተሠራ ነው። ቃሉ "አራተኛውና ሰባተኛው የወጣለት" ማለት ነው፤ ከሰባቱ ድምፅ ሁለቱ ወጥተው አምስት ይቀራሉ። አሁን ክራር የሚጫወት ሰው ጠይቁ። የሚቀሩት አምስቱ ልክ የእኛ ትዝታ ቅኝት አምስት ድምፆች ናቸው። ማይነር የሚባለው ዮናኑኪም ከትዝታ ማይነር ጋር አንድ ነው። አዘፋፈኑ ይለያል፣ ድምፁን ማሽሞንሞኑ ይለያል፤ መሰላሉ ግን አንድ ነው። ጌሞቹ ላይ ያለው ሙዚቃ ሁሉ በዚህ የተሠራ ነው ማለቴ አይደለም፤ ዘመናዊ ፒያኖም ብዙ ነው። ግን አንዳንዴ የበዓል ቀን ዜማ ወይም የልጆች መዝሙር ሲገባ የአማርኛ ጆሮ "ይሄን አውቀዋለሁ" ቢል አልተሳሳተም።

ሄደን ባላየነው ቦታ እንዴት ትዝታ ይኖረናል?

የእህቴ ልጅ ጥያቄ እዚህ ነው። በብዙ ቋንቋ ለዚህ ስሜት የሚውለው ቃል ኖስታልጂያ ነው። በ1688 ዮሐንስ ሆፈር የሚባል የስዊዘርላንድ የሕክምና ተማሪ የፈጠረው ነው። ሁለት የግሪክ ቃላት ገጠመ፦ ወደ ቤት መመለስና ሕመም። እንደ በሽታ ነበር የቆጠረው፤ ከአገራቸው ርቀው የናፍቆት ሕመም የያዛቸውን ሰዎች ለመግለጽ። ስለዚህ በመጀመሪያ ትርጉሙ መመለሻ ቤት ያስፈልገው ነበር። የጃፓኑ "ናትሱካሺ" ለስለስ ይላል፤ አንድ ነገር ያለፈውን ሲያስታውስ የሚመጣውን ሙቀት ይናገራል። የእኛ "ትዝታ" ደግሞ ስሜቱም ነው፣ ቅኝቱም ነው፣ ዘፈኑም ነው። ስለዚህ አማርኛ ለዚህ ጉዳይ ባዳ አይደለም።

ግን ቤቱ የእኛ ካልሆነስ? ሩሲያ ውስጥ የተሠራ አንድ ምሳሌ አለ። "ዘላለማዊ ክረምት" ብንለው ስሙ ይቀርበዋል፤ በ2013 ወጣ፣ በነፃ ነው። አንድ ወጣት በብርድ ወቅት አውቶቡስ ላይ እንቅልፍ ይወስደዋል። ሲነቃ ሙቀት ነው፤ አውቶቡሱ በሶቪየት ዘመን የልጆች ካምፕ በር ላይ ቆሟል። ሶቪየት ኅብረት በ1991 ፈርሳለች። ከዚያ በኋላ የተወለደ ተጫዋች ያን ካምፕ ከወላጆቹ አልበም ውጪ አያውቀውም። ቢሆንም ይናፍቀዋል።

ለልጁ የነገርኩት መልስ ይሄ ነው። የናፈቀህ ጃፓን አይደለም። ጌሙ የመጀመሪያዎቹን ቀናት ሲያሳይህ ገና ትዝታ አልነበሩም፤ ዝም ብለው ቀናት ነበሩ። አንተ ከእነሱ ጋር ሰላሳ ሰዓት ኖርክ። የመጨረሻው ሳምንት ሲመጣ ያው ሙዚቃ ተመለሰ፣ ያው መንገድ ተመለሰ፣ አንድ ሰው ግን እዚያ የለም። ያን ጊዜ የመጀመሪያው ቀን "ድሮ" ሆነ። ያ ድሮ የራስህ ነው፤ እዚህ በረንዳ ላይ ነው ያሳለፍከው። ደሴቷን ስታስብ የምታየው ይሄን ምንጣፍ፣ የእናትህን ድምፅ፣ የቀትሩን ፀጥታ ጭምር ነው።

ዝም አለ። ከዚያ "ጋሼ፣ ለዚህ ነዋ ቅድም ደግሜ ስከፍተው የመጀመሪያው ዘፈን ያስከፋኝ" አለ።

ሁሉም ጣፋጭ ነው? ለልጆችስ?

አይደለም። ያው ቁሳቁስ ለፍርሃትም ይሠራል። በ2002 መውጣት የጀመረው "ሂጉራሺ" የሚባል ሥራ በ1983 ሰኔ ወር፣ በአንዲት የገጠር መንደር ይጀምራል። ጨዋታ፣ ሳቅ፣ ምሳ አብሮ መብላት። ከዚያ ግድያ ይመጣል። ቀደም ብሎ ደስ ይል የነበረው የማታ ነፍሳት ድምፅ ከዚያ በኋላ ያስፈራል። ስሙም የዚያው ነፍሳት ስም ነው።

ለወላጆች በግልጽ ልናገር። በዚህ ዘርፍ ለአዋቂ ብቻ የተሠሩም አሉ። አንዳንዱ ሥራ ሁለት ቅጂ አለው፣ አንዱ ለሁሉም፣ አንዱ ለአዋቂ፤ ከላይ ያነሳሁት የሩሲያው ሥራም አንዱ ቅጂው የአዋቂ ትዕይንት አለው። የሥዕሉ መልክ ካርቱን መሆኑ ዕድሜውን አይናገርም። ጌሙ ሲገዛ ወይም ሲወርድ የዕድሜ ገደቡ ብዙ ጊዜ ገጹ ላይ ይጻፋል፤ አንብቡት። ከልጁ ጋር ቁጭ ብሎ ግማሽ ሰዓት ማንበብ ደግሞ ከዚያም ይሻላል። እህቴ ሞክራዋለች። ሃያ ደቂቃ ቆይታ "ይቺ ልጅ ግን ምሳዋን የምትበላው መቼ ነው?" አለች። ገብታለች ማለት ነው።

በአማርኛ፣ ስለ ድሬ ወይም ስለ ሐረር መሥራት ይቻላል?

ይቻላል፤ መሣሪያውም በነፃ አለ። ሬንፓይ ይባላል፤ ቶም ሮታሜል የሚባል ሰው የሠራው ሲሆን ከ2004 ጀምሮ አለ። የሩሲያው ጌም የተሠራው በእሱ ነው። ኮምፒውተር ላይም አንድሮይድ ስልክ ላይም የሚሄድ ጌም ያወጣል። አጻጻፉ ከቴአትር ድርሰት ብዙ አይርቅም፤ የተናጋሪው ስም፣ ቀጥሎ ንግግሩ፣ የትኛው ሥዕል እንደሚታይ፣ የትኛው ድምፅ እንደሚሰማ። ለአማርኛ የግዕዝ ፊደል ያለው ፎንት መጨመር ያስፈልጋል፤ ኖቶ የሚባለው በነፃ ይገኛል።

ከባዱ ነገር ሌላ ነው። የጃፓኑን ክረምት መቅዳት ቀላል ነው፤ የራስን ማየት ግን ይከብዳል። ድሬ ላይ ሴሚ ከሰማችሁ የሰው ትዝታ ነው የሰማችሁት። የእኛ ድምፅ የትኛው ነው? ቀትር ላይ የሚዘጋ የሱቅ የብረት በር። ግድግዳ ላይ የሚንገጫገጭ ቬንትሌተር። አንድ ግቢ ውስጥ አማርኛ፣ ኦሮምኛና ሶማሊኛ ባንድ ዓረፍተ ነገር ሲደባለቅ። አዛን፣ ቀጥሎ ሌላ መስጊድ፣ ትንሽ ዘግይቶ። ሐምሌና ነሐሴ ላይ ደግሞ የደቻቱ ወንዝ ነገር አለ። ያ ደረቅ አሸዋ ዝናብ ተራራው ላይ ሲጥል በአንድ ሌሊት ወንዝ ይሆናል። በ2006፣ በእኛ ሐምሌ 1998፣ በሌሊት የመጣው ጎርፍ ብዙ ሰው ወስዷል። የድሬ ክረምት ታሪክ የሚጽፍ ሰው ይህን ሳያውቅ ስለ ዝናብ ደስታ ቢጽፍ የድሬ ሰው ያውቅበታል። ጃፓኖች ኦቦንን ከርችቱ አጠገብ እንዳስቀመጡት፣ እኛም የምናስቀምጠው ሐዘን አለን።

የእህቴ ልጅ በማግሥቱ ስልኩን ይዞ ወጣ። የቬንትሌተሩን ድምፅ ቀዳ። የባጃጅ ቀዳ። እናቱ በር ላይ ቆማ ስሙን ስትጠራ ቀዳት፤ ምን እየሠራ እንደሆነ ስታውቅ "ቆይ ደህና አድርጌ ልጥራህ" ብላ ደገመችው። እሱ የመጀመሪያውን ያዘ።

ማታ ደብተር ይዞ መጣ። ታሪኩን ገና አልጻፈም። ቀኖቹን ነው የሚቆጥረው። እኔም ስለ ቦኩ ኖ ናትሱያሱሚ አንድ ነገር አጫወትኩት። በዚያ ተከታታይ ጌም ውስጥ በፕሮግራሙ ስሕተት የሚደረስበት ነሐሴ 32 የሚባል ቀን አለ። መኖር የሌለበት ቀን ስለሆነ ዓለሙ ይበላሻል፣ ቤቱ ውስጥ ሰው ይጠፋል። ዕረፍቱ አልቋል፤ የሚቀጥል ነገር አልተሠራም።

ልጁ አሰበና "እኛ ግን አለን" አለ።

"ምን አለን?"

"ጳጉሜ።"

ሐምሌ 30፣ ነሐሴ 30፣ ጳጉሜ 5 ብሎ ደመረ። ሥር ላይ 65 ጻፈና አከበበው። ከጳጉሜ 3 አጠገብ ደግሞ "ሩፋኤል፣ ዝናብ፣ ልጆቹ ሁሉ ይወጣሉ" ብሎ ጨመረ።

"ድሬ ላይ ባይዘንብስ?" አልኩት።

እስክሪብቶውን አፉ ውስጥ አድርጎ ትንሽ ቆየ። ከዚያ መስመሩን ለሁለት ከፈለው። በአንዱ በኩል "ዘነበ" ብሎ ጻፈ። በሌላው በኩል "ጋሼ ባልዲ ይዞ ጣሪያ ላይ ይወጣል።"